ለቅሶ ደራሾች በታች አገር

ታች አገር የተገኘው ልጄ ብይ ስለጠፋባት ነው።

የምንኖረው ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ነው። ሕንፃዎቹ የቆሙት ጤፍና ሽምብራ ይበቅልበት በነበረ ጥቁር አፈር ላይ ነው። ይህ አፈር ክረምት ላይ ጫማ ይዞ የሚያስቀር ጭቃ ይሆናል፤ በጋ ላይ ደግሞ ደርቆ ይሰነጠቃል። ስንጥቁ የዋዛ አይደለም፤ የአዋቂ ክንድ እስከ ብብቱ ይውጣል። ልጄ ከብሎካችን ጀርባ ስትጫወት ውስጧ ሰማያዊ ጠመዝማዛ ያለባት ብይዋ ተንከባልላ አንዱ ስንጥቅ ውስጥ ገባች። ልጄ መሬት ላይ ተኝታ፣ ጆሮዋን ለጥፋ ጠበቀች። የመውደቅ ድምፅ የለም። እያለቀሰች ወደ ቤት መጣች።

ባለቤቴ የአንደኛ ደረጃ ሳይንስ አስተማሪ ናት። ሽንኩርት እየከተፈች ነበር። ቀና እንኳ ሳትል፣ «አልጠፋችም፤ ታች አገር ገብታ ነው» አለቻት።

«ታች አገር ምንድነው?»

«ከመሬት በታች ያለው አገር ነዋ። ቤቱም፣ ዛፉም፣ ተራራውም ክሪስታል የሆነበት። ብይሽ አሁን እዚያ ፀሐይ ሆናለች። ሲጠብቋት ነበር።»

ልጄ ማልቀሷን አቆመች። እኔም የያዝኩትን ዜና መጻፍ አቆምኩ።

ጋዜጠኛ ነኝ። ዕድሜዬን የፈጀሁት ስለ ውሃ መስመር፣ ስለ መንገድና ስለ ፍርድ ቤት በመጻፍ ነው። አንድ ሰው የነገረኝን ሌላ ሰው ካላረጋገጠልኝ አልጽፍም። ያን ዕለት ራት ላይ ግን ማረጋገጫ ሊኖረው የማይችል ነገር ቀረበልኝና አፌን ለጥያቄ በላኝ።

«ብይዋ ከመግባቷ በፊት ብርሃኑ ከየት ነበር?» አልኳት ባለቤቴን።

«አልነበረም። ክሪስታሉ ነበረ፣ የሚያየው ግን አልነበረም። በዳበሳ ነበር የሚኖሩት።»

«ውሃስ?»

«እኛ የምናፈሰው ሁሉ ተጣርቶ ይደርሳቸዋል።»

«ልብስ ያጠብንበትም?»

«አረፋውን ይወዱታል።»

«የሚበሉትስ?»

ልጃችን ሁለታችንንም በየተራ ታያለች። ባለቤቴ ድምፄን አስመስላ፣ ጉሮሮዋን ጠርጋ፣ «ጉዳዩን ገና እያጣራን ነው» አለች። ልጄ ወንበሯ ላይ ተንከተከተች።

«እሺ፣ ሲጣሉስ?»

«ታች አገር መጮህ ክልክል ነው» አለች ወዲያው። ይህን ያሰበችበት ይመስላል። «ክሪስታሉ ይሰነጠቃል። ስለዚህ የተናደደ ወይም ያዘነ ሰው የጩኸት ዋሻ ይገባል። ግድግዳው አፈር ነው። እዚያ የፈለገውን ያህል ይጮህና ይወጣል።»

ለረጅም ጊዜ ብዙ ባለሥልጣን ጠይቄያለሁ። እንዲህ ፈጥኖና ሳያቅማማ የመለሰልኝ አላስታውስም። በማግስቱ ራት እስኪደርስ ቸኮልኩ።

ወሬው ከቤታችን ወጥቶ ግቢውን ለማዳረስ ጊዜ አልፈጀበትም። ልጆቹ ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ባለቤቴን ደረጃው ላይ ይዘው ይጠይቋታል፤ እሷ ትመልሳለች፤ እነሱ ደግሞ እየጨመሩበት ይሄዳሉ። በዚህ ጊዜ ነው ጋሼ ነገሩ ውስጥ የገቡት።

ጋሼ ሦስተኛ ፎቅ ከልጃቸው ጋር የሚኖሩ አዛውንት ናቸው። ዕድሜያቸውን በሙሉ አቃቂ ባቡር ላይ ሠርተው ጡረታ የወጡ፣ በድሮው ሰፈራቸው የእድር ዳኛ ሆነው የኖሩ፣ እኛ ግቢም እድር ሲቋቋም ደንቡን ቁጭ ብለው ያስጻፉ ሰው ናቸው። ቀኑን ሙሉ በረንዳቸው ላይ ተቀምጠው ወደ ታች ያያሉ። አንድ ቀን ልጆቹ ባለቤቴን ከበው ሲያወሩ ከላይ ድምፅ መጣ።

«አስተማሪ! ባቡር አላቸው ወይ እነዚህ ሰዎች?»

ባለቤቴ ቀና አለች። «አላቸው ጋሼ። ሐዲዱም ሠረገላውም ክሪስታል ነው።»

«ፊሽካውስ?»

«ፊሽካ የለውም። ታች አገር ጩኸት ክልክል ነው።»

ጋሼ በረንዳው ላይ ብድግ አሉ። «ፊሽካ የሌለው ባቡር? ሰው ሊገድል ነው እንዴ? አስተካክሉት!»

ልጆቹ ሳቁ። ጋሼ ግን የምራቸውን ነበር፤ በየቀኑ ከላይ ሆነው ይከራከራሉ። ባለቤቴ የጩኸቱን ሕግ አታነሳም፤ እሳቸውም ፊሽካቸውን አይተዉም።

ክረምት ሲገባ ስንጥቁ በዝናብ ተደፈነ፤ ትምህርት ቤትም ተዘጋ። ልጆቹ አገሩን እንሥራው አሉ። ባለቤቴ ይህን ስትጠብቅ የኖረች ይመስል በማግስቱ አቃቂ በሰቃ ይዛኝ ወረደች። እዚያ ጋራዦቹ አጠገብ የመኪና መስታወት የሚሸጥ የስልጤ ሰው አለ። ከሱቁ ጀርባ የተሰበሩ የመኪና በር መስታወቶች በጆንያ ተከማችተዋል። የመኪና በር መስታወት ሲሰበር እንደ ቤት መስታወት ስለታም ስባሪ አይሆንም፤ እንደ በቆሎ ፍሬ ተበትኖ ይረግፋል። ባለቤቴ ከጆንያው በእፍኟ ዘግና ወደ ብርሃን አወጣችው። አረንጓዴና ሰማያዊ ብልጭታ በመዳፏ ላይ ሮጠ። እኔ በዚያ መንገድ ላይ ስንት ጊዜ አልፌያለሁ፤ ያንን ጆንያ ቆሻሻ ነው ብዬ እንኳ አላየሁትም።

«ለምንድነው የፈለጋችሁት?» አለ ነጋዴው።

«አገር ልንሠራበት ነው» አለች ባለቤቴ።

ወደ እኔ ዞረ። «መንግሥት ናችሁ እንዴ ወንድሜ?»

«እሷ ናት። እኔ ቃል አቀባይዋ ነኝ» አልኩት።

ስቆ ጆንያዎቹን ባጃጅ ላይ ራሱ ጫነልን። ለመሄድ ስንነሳ ደግሞ «ቆዩ፣ ቆዩ» ብሎ ከጓዳ አንድ የተሰነጠቀ የፊት መስታወት ይዞ መጣ። የፊት መስታወት አይረግፍም፤ ስንጥቁ እንደ ሸረሪት ድር ይዘረጋና እንደተያያዘ ይቀራል። «ይኼ ወንዝ ይሁናችሁ» አለ። ምን እንደምንሠራ ከእኛ ይልቅ እሱ የገባው ያህል ነበር።

ክረምቱን በሙሉ ተሠራ። ወላጆች ጓንት አድርገው የመስታወቱን ፍሬ አጠቡ። የውሃ ፕላስቲኮች ተቆርጠው ውስጣቸው በኮላ እየተቀቡ መስታወት ተሞላባቸው፤ በክር ሲሰቀሉና የእጅ ባትሪ ከኋላ ሲበራባቸው የሚሰጡት ብርሃን ይህ ነው አይባልም። ልጆቹ በየቤቱ መስኮት ላይ ጨው የተሟሟበት ብርጭቆ አስቀምጠው ክር አንጠለጠሉ፤ ክሩ ላይ የጨው ክሪስታል ቀስ እያለ ሲያድግ በየማለዳው እየሮጡ ይለካሉ። እኔ ራሴ ከሥራ ስገባ ጫማዬን ሳላወልቅ ወደ መስኮቱ እሄድ ነበር።

ጋሼ ግን ዝናቡ ሲጠና ታመሙ። ሳል ያዛቸው፤ ከዚያ ትንፋሽ አጠራቸው፤ በረንዳ መውጣት ቀረ። ልጃቸው ሐኪም ቤት አመላልሳ «ዕድሜ ነው አሉኝ» አለችን። ግቢው ውስጥ ሰው ስለ እሳቸው ሲያወራ ድምፁን ዝቅ ማድረግ ጀመረ። ልጆቹ ምንም ሳይባሉ የባቡሩን ሥራ አስቀደሙ። ሠረገላዎቹ ከወተት ካርቶን፣ መስኮቶቹ ከመስታወት ፍሬ፣ ሐዲዱ ከብረታ ብረት ሠራተኛው ጎረቤታችን በመጣ ቀጭን ሽቦ። አንዲት ሕፃን እናቷን «ጋሼ ሳያዩት ቢሞቱስ?» ብላ ስትጠይቅ ደረጃው ላይ ሰማኋት። ከዚያን ቀን ጀምሮ ሥራው የሁላችንም ሆነ። ትምህርት ሊከፈት ተቃርቧል፤ ጋሼም እየደከሙ ነው።

ኮሚናሉን፣ ማለትም የግቢውን የጋራ አዳራሽ፣ ለጳጉሜ እሁድ ፈቅደውልን ነበር። ሳምንት ሲቀረው የግቢው ኮሚቴ ሐሳቡን ቀየረ፤ አዳራሹ ለአንድ ሰው ሲሚንቶ ማስቀመጫ ተሰጠ። ኮሪደር ላይ ያስቀመጥነውንም ሁሉ ከእንቁጣጣሽ በፊት እንድናነሳ ተነገረን። ባለቤቴ ያን ማታ ራት አልበላችም። ታች አገር ጨለማ ይፈልጋል፤ በዝናብ ሜዳ ላይ አይዘረጋም። ግቢያችን ውስጥ ያን ያህል ሰፊና ጨለማ ሊሆን የሚችል ነገር አንድ ብቻ ነው፤ የእድሩ ድንኳን።

ያ ድንኳን ለሰርግ አይከራይም፤ ለስብሰባ አይሰጥም። ጋሼ ያስጻፉት ደንብ ለለቅሶ ብቻ ይላል። ሰማያዊ ሸራ ነው፤ ጣሪያው ላይ በነጭ ጨርቅ የተጣፈ ቦታ አለው። ግቢው ውስጥ የማያውቀው የለም።

የእድሩ ሊቀመንበር ጡረታ የወጡ የፋብሪካ ፎርማን ናቸው። ባለቤቴ ስትጠይቃቸው ፊታቸው ጠቆረ።

«ሰው ሳይሞት ድንኳን? ሟርት ነው እኮ የኔ ልጅ።»

«ከደንቡ ባለቤት ጋር ይነጋገሩበት» አለቻቸው።

ሦስተኛ ፎቅ አብረናቸው ወጣን። ጋሼ ትራስ ተደግፈው ተኝተዋል። ነገሩን ሰሙ፤ ሳሉ፤ አረፉ። ከዚያ ሊቀመንበሩን በጣታቸው ጠሩ።

«ስንቱን ድንኳን አስተክያለሁ?»

«ብዙ ነው ጋሼ።»

«የራሴን ግን አላየውም። ሲተከል እኔ የለሁም። እስቲ አንዴ ልግባበት። ባቡራቸውንም ልየው።»

ሊቀመንበሩ ባርኔጣቸውን በእጃቸው አዟዟሩት። «አንድ ቀን» አሉ በመጨረሻ። «እሁድ። በመሐል ሰው ከሞተ ግን ዝግጅታችሁ ያለቀም ይሁን ያላለቀ ወዲያው ይነሳል።»

«እስከ እሁድ እኔ አልሞትም» አሉ ጋሼ። «ሌሎቹን ደግሞ አንተ ንገራቸው።»

እሁድ ማለዳ ካፊያ ነበር። የእድሩ ወጣቶች ድንኳኑን ከእኛ ብሎክ ሥር ተከሉት። በግቢው የቴሌግራም ግሩፕ ላይ ምን እንደሆነ ራሴ ጽፌ ለጥፌያለሁ፤ አጭርና ግልጽ ነበር። ልጆቹና ባለቤቴ ውስጥ ገብተው መስቀል፣ ማንጠልጠል፣ ማብራት ያዙ። መጀመሪያ ጋሼን አውርደን ልናስገባ ነበር ያሰብነው፤ ልጃቸው ቁርስ እያበላቻቸው ነበር። እኔ ደጃፉ ላይ ቆሜያለሁ። ሸራው መሐል ባለው ክፍተት ብልጭ ብልጭ ሲል አያለሁ፤ ልቤ እንደ ጀማሪ ሪፖርተር ትመታለች።

በዚህ ጊዜ ከወዲያኛው ብሎክ አንዲት ሴት ነጠላቸውን አዘቅዝቀው እየሮጡ መጡ።

«ወይኔ ጋሼ! ወይኔ አባቴ!»

ልነግራቸው አፌን ስከፍት አልፈውኝ ገቡ። ተከትያቸው ገባሁ። በር ጠባቂዋ ልጄ ናት፤ ራሷ ላይ ከቆርቆሮ የተሠራ ዘውድ አለ። እጇን ዘርግታ አስቆመቻቸው።

«እሽሽ! እዚህ ማልቀስ አይቻልም እትዬ። ክሪስታሉ ይሰነጠቃል። ማልቀስ ከፈለጉ የጩኸት ዋሻው በዚያ በኩል ነው።»

ሴትየዋ አፋቸውን ይዘው ቀሩ። ከላይ እስከ ታች ብርሃን ተንጠልጥሏል። ጣሪያው የመስታወት ዘለላ ነው፤ ግድግዳው ላይ የጨው ክሪስታል በክር ያበራል፤ የተሰነጠቀው የመኪና መስታወት ከሥሩ በሰማያዊ ባትሪ በርቶ ወንዝ ሆኗል። መሐል ላይ የልጄ ሁለተኛ ብይ እንደ ፀሐይ ተሰቅላለች።

«በስመ አብ» አሉ በሹክሹክታ። «እኔ ነኝ እንዴ የሞትኩት?»

ሳቄን ለመያዝ ስወጣ ሌሎችም የለቅሶ ፊት ይዘው እየመጡ ነበር። ጋቢ የለበሱ ወንዶች፣ ጥላ የያዙ ሴቶች። ምድር ቤት የሚኖሩት ወይዘሮ ድንኳኑን በመስኮት እንዳዩ ለለቅሶ የሚሆን ንፍሮ ጥደው ኖሯል፤ ድስቱን ተሸክመው ደረሱ።

«እማማ፣ ማን ሞተ ብሎ ነገረዎት?» አልኳቸው።

«ድንኳን እያየሁ ማንን ልጠይቅ?»

«ቴሌግራም ላይ ጽፌ ነበር እኮ።»

«በቴሌግራም ነው እንዴ ለቅሶ የሚጠራው? ዞር በል ይኼን ላስቀምጥበት።»

ዕድሜዬን ሙሉ የሐሰት ወሬ ከየት እንደሚነሳ ስከታተል ኖሬያለሁ። አሁን ከቤቴ ሥር ተነስቶ ሲበር እያየሁት ነው። የመጣውን ሁሉ ያዝ እያደረግኩ መጠየቅ ጀመርኩ። አንዱ ከጥበቃው ሰማሁ አለ። ጥበቃው ዳቦ ልታመጣ ከወጣች ሴት ሰማሁ አለ። ሴትየዋ ዋና መንገድ ላይ ለታክሲ ረዳት ነግራዋለች፤ ረዳቱ አቃቂ ድረስ ይዞት ወርዷል። መነሻው ላይ ስደርስ ውሸታም አጣሁ። ሁሉም ያየው እውነት ነው፤ ድንኳኑ ተተክሏል፣ ጋሼም ታመዋል። ከሁለት ትክክለኛ ነገር አንድ ሬሳ ወጣ።

ብዙም ሳይቆይ ሚኒባስ ሙሉ ሰው ከድሮው አቃቂ ደረሰ፤ የጋሼ የባቡር ጓደኞች፣ የድሮ ጎረቤቶቻቸው። ከላይ ደግሞ የጋሼ ልጅ ስልኳ ላይ ስትጮህ ይሰማል። «ስለ ማን ነው የምታጽናኑኝ? ቁርሱን እየበላ ነው እኮ!»

ሊቀመንበሩ ዝናብ እየመታቸው ሮጠው መጡ። ሕዝቡን አዩ፤ ንፍሮውን አዩ።

«አላልኩም? አላልኩም? ሟርት ነው አላልኩም? አንሱት! አሁኑኑ ይነሳ!»

ወጣቶቹ ወደ ካስማው ሄዱ። ባለቤቴ ከድንኳኑ ወጣች። ሊቀመንበሩ እየጮሁ ሊገቡ ሲሉ ልጄ በሩ ላይ ቆመችና፣ «አባባ፣ ለመጮህ እዚያ ነው» ብላ በፍራሽና በብርድ ልብስ ወደ ተሸፈነው ጥግ አመለከተቻቸው። ሰውየው ለአፍታ ግራ ገባቸው። ባለቤቴ ግን አልሳቀችም። ካስማውን የያዘውን ወጣት እጅ በእጇ ይዛ ቆማለች። «አንድ ጊዜ ይዩት» ትላለች። «ከዚያ ራሴ አፈርሰዋለሁ። አንድ ጊዜ ብቻ ጋሼ ይዩት።»

ከላይ የበረንዳው በር ተከፈተ። ሁሉም ቀና አለ። ጋሼ ጋቢ ተከናንበው፣ የልጃቸውን ትከሻ ይዘው ቆመዋል። በረንዳ ከወጡ ስንት ጊዜያቸው ነው። ወደ ታች አዩ፤ ጋቢውን፣ ነጠላውን፣ ሚኒባሱን።

«ማን ሞተ?» አሉ።

ከሚኒባሱ ከወረዱት አንዲት ባልቴት ጮኹና ጎናቸው ያለው ሰው ላይ ተደገፉ።

«አንቺ ደግሞ ምን ሆንሽ?» አሏቸው ጋሼ።

«ሞተ ብለውን እኮ ነው!»

«እኔ?» ጋሼ ትንሽ አሰቡ። «ከአቃቂ ድረስ በዚህ ጭቃ?»

«ታዲያ እንዴት እንቅር?»

ጋሼ ሕዝቡን ዞር ዞር እያሉ አዩት። አንድ በአንድ የሚቆጥሩ ይመስሉ ነበር። ከዚያ ጮክ ብለው፣ «አውርዱኝ!» አሉ።

ካስማ ሊነቅሉ የነበሩት ወጣቶች ናቸው የወጡት። በፕላስቲክ ወንበር ተሸክመው አወረዷቸው፤ ሰው ሁሉ መንገድ ከፈተ። እጃቸውን የሚስም፣ ጉልበታቸውን የሚነካ፣ እያለቀሰ የሚስቅ ብዙ ነበር። ሊቀመንበሩ ቀረብ ብለው፣ «ጋሼ፣ ይቅርታ፤ አሁን እናነሳዋለን» አሉ።

«ምኑን ነው የምታነሱት?»

«ድንኳኑን። ሰው ተደናገጠ።»

«ይኼ ድንኳን ለማን ተተከለ?»

«ለ… ለልጆቹ።»

«ሰዉ ለማን መጣ?»

«ለእርስዎ።»

«ተለቀሰ?»

«ተለቀሰ።»

«ንፍሮ ተቀቀለ?»

«እነሆ» አሉ ወይዘሮዋ፣ ድስቱን ከፍ አድርገው።

«ደንቡ ምን ይላል? የለቅሶ ድንኳን መቼ ይነሳል?»

ሊቀመንበሩ ገባቸው። ባርኔጣቸውን አውልቀው ዝናቡን አራገፉ። ሊስቁ አልፈለጉም፤ ከንፈራቸው ግን አስቸገራቸው። «በሦስተኛው ቀን» አሉ።

«አበቃ። እስከ ሦስተኛው ቀን እንዳይነካ።»

ግቢው በሆታ ተናጋ። ባለቤቴ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች። ከጀርባ አንዱ የባቡር ጓደኛቸው፣ «አንተ፣ የእውነቱን ስትሞትስ?» ሲል ሰማሁት። ጋሼ ዘወር ብለው፣ «ያን ጊዜ ከምድር ቤቷ ሴት ንፍሮ በቀር ምንም አልጠይቃችሁም» አሉት።

ወንበሩን አስገባነው። ጋሼ ወደ ጣሪያው አዩ። ብርሃኑ በነጭ ጢማቸው ላይ፣ በጋቢያቸው ላይ ነጠብጣብ ሆኖ ይንቀሳቀሳል። ልጆቹ ባቡሩን በክር ይስቡታል። የወተት ካርቶን ሠረገላዎች ከመኪናው መስታወት ወንዝ ማዶ እየተብለጨለጩ መጡ። ጋሼ ወገባቸውን አጎንብሰው ሐዲዱን መረመሩ።

«ይኼ መታጠፊያ ጠባብ ነው» አሉ በሹክሹክታ። «ይገለበጣል።»

አንዲት ሕፃን ሽቦውን ሰፋ አደረገችው። ባቡሩ እንደገና አለፈ። አልተገለበጠም።

«ጎበዝ።» ከዚያ ወደ ባለቤቴ ዞሩ። «ዋሻው የት ነው?»

ወደ ጩኸት ዋሻ ወሰድናቸው። ብርድ ልብሱን ስንገልጥ ከጋቢያቸው ሥር እጃቸውን አስገብተው አሮጌ የነሐስ ፊሽካ አወጡ። ይህን ሁሉ ጊዜ እንዳላቸው አናውቅም ነበር። ትንፋሻቸውን ሰበሰቡ። ልጃቸው «አባዬ፣ ይቅርብህ» አለች። ነፉት። መጀመሪያ አየር ብቻ ወጣ። ሁለተኛው ቀጭን ነበር። ሦስተኛው ግን ሸራውን አልፎ፣ ግቢውን አልፎ፣ ውጭ የቆሙት የድሮ ባቡረኞች ዘንድ ደረሰ፤ ከውጭ አንድ ሽማግሌ በድምፁ ሲመልስለት ሰማን። አንድም ክሪስታል አልተሰነጠቀም። ልጆቹ ባቡሩን ሳቡት።

ከዚያ በኋላ ማቆሚያ አልነበረም። ለቅሶ ሊደርስ የመጣ ሁሉ ተራ ይዞ ታች አገር ገባ። ባልቴቷ የጩኸት ዋሻ ገብተው ያመጡትን ለቅሶ ጨርሰው ወጡ። ሊቀመንበሩም ገቡ፤ ምን እንደጮሁ አልተሰማም፤ ሲወጡ ግን ፊታቸው ቀሎ ነበር። ልጆቹ ወንዙ ዳር ተቀምጠው ንፍሮ ሲበሉ ልጄ ወደ እኔ መጥታ ጃኬቴን ጎተተች።

«አባዬ፣ አጣራነው። የሚበሉት ንፍሮ ነው።»

ድንኳኑ በሦስተኛው ቀን ተነሳ። እስከዚያ ድረስ ከአቃቂ ሁለት ጊዜ ሌላ ሚኒባስ መጣ፤ የበሰቃው መስታወት ነጋዴም ልጆቹን ይዞ መጥቶ ወንዙን ከሁሉም ሰው ለረዘመ ጊዜ ቆሞ አየ። እንቁጣጣሽ ሆነ፤ ትምህርት ተከፈተ፤ መስታወቱ በጆንያ ተመልሶ ገባ።

ጋሼ ክረምቱን ወጡ። ሐኪሙ ምክንያቱን አልነገረንም፤ እኔም የማላውቀውን አልጽፍም። ጥር ላይ መሬቱ እንደገና ሲሰነጠቅ ከዘራቸውን ይዘው ከብሎኩ ጀርባ መጡ። ከኪሳቸው ከሱቅ የገዟትን አረንጓዴ ብይ አውጥተው ለልጄ አሳዩአትና ስንጥቁ ውስጥ ለቀቋት። ልጄ ተኝታ ጆሮዋን መሬት ላይ ለጠፈች።

«ደረሰች?» አሉ ጋሼ።

«ፊሽካ ሰማሁ» አለች።

ከዚያ ወደ እኔ ቀና ብላ፣ ራት ላይ ስንት ጊዜ የሰማችውን ድምፄን አስመስላ፣ «አንድ ምስክር አይበቃም» አለችና እጄን ጎተተች። ቢሮ ልሄድ ነጭ ሸሚዝ ለብሼ ነበር። ጥቁሩ አፈር ላይ ከጎኗ ተኛሁ።